ቅዱስ ዮሐንስ ቦስኮ፦ የወጣቶች አባትና የኅትመት ሙያ መምህር

ቅዱስ ዮሐንስ ቦስኮ እ.ኤ.አ. በ1815 በሰሜን ኢጣልያ በቤኪ መንደር ከድኻ ገበሬ ቤተሰብ ተወለደ። ሁለት ዓመት ሳይሞላው አባቱ ስለ ሞተ እናቱ ማርጋሪታ በብዙ ድካም አሳደገችው። በ1841 ማዕረገ ክህነት ተቀብሎ ወደ ቶሪኖ በሄደ ጊዜ በወኅኒ ቤት ያገኛቸው ወጣቶች ልቡን ነኩት፤ ከእስር ቢፈቱም የሚቀበላቸው ወገንና የሚተዳደሩበት ሙያ ስላልነበራቸው ብዙዎቹ ተመልሰው ይታሰሩ ነበርና።

ስለዚህ ልጆችን ሰብስቦ ትምህርተ ክርስቶስን፣ ንባብንና ጽሕፈትን አስተማራቸው። ሙያ የሚማሩትንም ከአሠሪዎቻቸው ጋር በጽሑፍ ያዋውላቸው ነበር፤ አሠሪው ልጁን ከሙያው ውጭ እንዳያሠራው፣ እንዳይመታው፣ በበዓላትም እንዲያሳርፈው ይገደድ ነበር። ይሁን እንጂ ልጆቹ በየሥራ ቦታው የሚያዩት ክፉ ምሳሌ ስላሳሰበው፣ በቫልዶኮ ባለው በራሱ ቤት የሙያ ክፍሎችን ከፈተ፤ በ1853 ጫማ ሥራና ልብስ ስፌት፣ በ1854 የመጻሕፍት ጥረዛ፣ በ1862 ደግሞ ማተሚያ ቤት ተጀመረ።

በዚያም ወጣቶቹ ፊደል እየለቀሙ፣ እያተሙና እየጠረዙ እርሱ ለሕዝብ የጻፋቸውን ቀላል መጻሕፍት ያወጡ ነበር። በ1884 በቶሪኖ በተደረገው ታላቅ ኤግዚቢሽን፣ ከወረቀቱ መሠራት አንሥቶ መጽሐፉ ተጠርዞ እስኪያልቅ ያለውን ሥራ በተመልካች ፊት አሳዩ። ቀድሞ የከተማው ሸክም ተብለው የተናቁ ልጆች የዕውቀት አቅራቢዎች ሆኑ።

ቅዱሱ በ1888 ዐረፈ፤ በ1934 ር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 11ኛ ቅድስናውን አወጁ። ወጣቱን ከጥፋት ለመጠበቅ ምክር ብቻ እንደማይበቃ፣ እምነትን በልቡ፣ ሙያንም በእጁ ማኖር እንደሚገባ ሕይወቱ ያስተምረናል።