ቤድሮስ ቦያጂያን፣ የቤተ መንግሥቱ ፎቶግራፍ አንሺ

ከራስ መኮንን ድልድይ ተነሥቶ ወደ ፒያሳ የሚዘልቀውን ዳገት የወጣ ሁሉ፣ አካባቢው የአርመኖች መኖሪያ እንደ ነበረ ሳይሰማ አይቀርም። ወርቅ አንጥረኛው፣ ልብስ ሰፊው፣ ግንበኛውና ነጋዴው በዘመነ ምኒልክ መጥተው በአራዳ ገበያ ዙሪያ ኑሯቸውን መሠረቱ። ቤድሮስ ቦያጂያን ከዚሁ ማኅበረሰብ አንዱ ነበሩ። የዚያን ዘመን ነገሥታት መልክ ዛሬ ከምናውቅባቸው ፎቶግራፎች ብዙዎቹ የእርሳቸውና የልጆቻቸው ሥራ ሲሆኑ፣ የአንሺው ስም ግን ከምስሉ ግርጌ እምብዛም አይገኝም።

ቤድሮስ በ1860 ዓ.ም. ገደማ በኦቶማን ግዛት ሥር በነበረችው በዲያርባክር ተወለዱ። አዲስ አበባ የገቡት በ1898 ዓ.ም. አካባቢ፣ አርባ ዓመት ሊሞላቸው ጥቂት ሲቀራቸው ነው። በዚያን ጊዜ ካሜራ ለቤተ መንግሥቱ እንግዳ ዕቃ አልነበረም። በሙያችን ቀዳሚ ልንለው የሚገባን ስዊሳዊው መሐንዲስ አልፍሬድ ኢልግ ቀደም ብሎ ንጉሠ ነገሥቱንም አገሩንም በፎቶግራፍ አንሥቷል። ይሁን እንጂ ኢልግ ውሃ በቧንቧ ከማምጣትና የባቡሩን ውል ከማስፈጸም በተረፈው ጊዜ ያነሣ ነበር፤ ለቤድሮስ ግን ፎቶግራፍ እንጀራቸው ነበረ። በዚህም ሙያቸው የዐፄ ምኒልክ ቤተ መንግሥት ፎቶግራፍ አንሺ ለመሆን በቁ።

ሥራው ምን ያህል አድካሚ እንደ ነበረ ለመገመት የዘመኑን መሣሪያ ማሰብ ያሻል። ምስሉ የሚያርፈው ብርሃን የሚቀበል ኬሚካል በተቀባ መስተዋት ላይ ነው። ባቡሩ ድሬዳዋ የደረሰው በ1895 ዓ.ም. ሲሆን አዲስ አበባ የገባው ገና በ1909 ዓ.ም. ስለ ሆነ፣ በነዚያ ዓመታት ከባሕር ማዶ የሚመጣ መስተዋት የጉዞውን ትርፍ ክፍል በጭነት ከብት ጀርባ ላይ ማሳለፍ ነበረበት። ትልቅ ፎቶግራፍ ያስፈለገው ሰው ያንኑ የሚያህል ትልቅ መስተዋት መያዝ ግድ ይለዋል፤ ምስሉ የሚታተመው ወረቀቱን ከመስተዋቱ ጋር አጣብቆ ነውና። ለማጠቢያም ብዙ ንጹሕ ውሃ ያስፈልጋል፤ በክረምት ደፍርሶ ከሚወርድ ወንዝ ንጹሕ ውሃ ማግኘት ምን እንደሚመስል አባላቶቻችን አያጡትም።

ከሁሉ የሚከብደው ብርሃኑ ነው። የዘመኑ መስተዋት ሰማያዊውን ብርሃን አጥብቆ ይቀበላል፤ ቀዩን ግን ከቶ አያይም ማለት ይቻላል። እንግዲህ ቀይ ከፋይ ካባ ጥቁር ይሆናል፣ የወርቁ ጥልፍ ይደበዝዛል፣ ጠይም ፊት ይጠቁራል፣ ነጩ ሸማ ደግሞ ጥለቱ እስኪጠፋ ድረስ ይነጣል። እነዚህን ሁሉ በአንድ ሰው ላይ፣ በአንድ ቅጽበት ማስማማት ቀላል አልነበረም። አውሮፓውያን ፎቶ ቤታቸውን ሲሠሩ መስኮቱን ወደ ሰሜን ያደርጉታል፤ በዚያ በኩል ፀሐይ በቀጥታ አትገባምና። አዲስ አበባ ግን 9 ዲግሪ ሰሜን ላይ ስለምትገኝ፣ ከሚያዝያ መጀመሪያ እስከ ነሐሴ መጨረሻ ገደማ የቀትር ፀሐይ በሰሜን በኩል ነው የምትቆመው። ከመጽሐፍ የተገኘው ደንብ እዚህ ስለማይሠራ፣ በዚህች ከተማ ጥሩ ፊት ያነሣ ሰው ብርሃኑን በገዛ ዓይኑ አጥንቷል ማለት ነው።

ዐፄ ምኒልክ በታኅሣሥ 1906 ዓ.ም. ሲያርፉ የቤተ መንግሥቱ ሁኔታ ታወከ። ልጅ ኢያሱ በመስከረም 1909 ዓ.ም. ከሥልጣን ሲወርዱ፣ የእስልምና አልባሳት ለብሰው የሚያሳይ የተቀጣጠለ ፎቶግራፍ ተሠራጭቶ ነበር እየተባለ ብዙ ተጽፏል፤ በዚህ ጉዳይ ስሙ የሚነሣው ሌላ ፎቶግራፍ አንሺ እንጂ ቤድሮስ አይደሉም። በእኔ አስተያየት ግን ወሬው ራሱ፣ ካሜራ በዐሥር ዓመት ውስጥ ከቤተ መንግሥት ጌጥነት አልፎ መንግሥት የሚነካ መሣሪያ መሆኑን ያሳያል። ቤድሮስ ከዚህ ሁሉ ተርፈው በየካቲት 1909 ዓ.ም. ዘውድ የጫኑትን ንግሥተ ነገሥታት ዘውዲቱንም አገልግለዋል።

በ1920 ዓ.ም. ገደማ ሲያርፉ ሥራውን ልጃቸው ሃይጋዝ፣ ኋላም ቶኒ እየተባለ የሚጠራው ቶርኮም በዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ቀጠሉበት። ለንግሥና በዓል፣ ለሹመትና ለአምባሳደር አቀባበል የአንድ ቤተሰብ ዓይን ከሦስት ነገሥታት ፊት ቆመ።

በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ አሮጌ ቤቶች በብዛት ከፈረሱ ወዲህ፣ የዚያ ዘመን ፎቶግራፎች ለእኛ ሙያ ሌላ ጥቅም አላቸው። የወለሉን ከፍታ፣ የበረንዳውን ስፋት፣ የጣሪያውን ተዳፋት ከእነርሱ ማስላት ይቻላል። ለዚህ ሥራ የቆየው የመስተዋት ኔጋቲቭ ከፊልም ይመረጣል፤ መስተዋት አይለጠጥም፣ አይሸበሸብምም። ዋናው መስተዋት ከተሰበረና የቀረው ወረቀቱ ብቻ ከሆነ ግን፣ ወረቀት ሲታጠብ አብጦ ሲደርቅ ስለሚኮማተር ልኬቱ ያንኑ ስሕተት ይዞ ይመጣል።