ዳንኤል ጆንስ፤ የአናባቢ ድምፆች መርማሪ

የትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል መታሰቢያ በሆነው በዚህ መጽሔት ላይ ጓደኞቻችን ስለ ነገሥታት፥ ስለ ጀግኖችና ስለ ፈልሳፊዎች እንደሚጽፉ እናውቃለን። እኛ ግን ዘውድ ስላልጫነ፥ ጦርም ስላልመራ፥ ነገር ግን ሰው ሲናገር ምላሱ የት እንደሚቀመጥ በመመርመር ዕድሜውን ስለ ፈጸመ አንድ ሊቅ ጥቂት ለመጻፍ ወደድን። ይህም ሰው እንግሊዛዊው ዳንኤል ጆንስ ነው።

እርሱን እንድንመርጥ ያደረገን በክፍላችን የሆነ አንድ ትንሽ ነገር ነው። ከመካከላችን አንዱ፥ ገበሬው በጉን ወደ ገበያ ወሰደ የሚል የእንግሊዝኛ ዐረፍተ ነገር ቆሞ ሲያነብ በጉ መርከብ ሆነበትና ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። ባሕር በሌለበት በአንጋጫ ገበያ መርከብ ሲነዳ ማን አይስቅ! ልጁ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ለማንበብ እጁን ማንሣት ተወ። ነገሩን ቆይተን ስናስበው ጥፋቱ የእርሱ ብቻ አልነበረም። ብዙዎቻችን በሚስዮን ትምህርት ቤት ከነበርንበት ጊዜ አንሥቶ የእንግሊዝኛውን ቃል አነባበብ በመጽሐፉ ጠርዝ ላይ በአማርኛ ፊደል መጻፍ ልማዳችን ነው። በዚህ አጻጻፍ በጉም ሺፕ፥ መርከቡም ሺፕ ነው። እንዲሁም ሞኙ ፉል፥ የሞላው ዕቃ ፉል፥ ለቁርስ የሚቀርበው ባቄላም ፉል ነው። እንግዲህ ፊደሉ ያልለየውን ልጁ በምን ይለየው?

ዳንኤል ጆንስ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1881 ዓ.ም. በሎንዶን ተወለደ። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸውም ዓመቶች ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው። አባቱ ጠበቃ ነበር። ልጁም በካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ የሒሳብ ትምህርት ተከታትሎ በ1903 ከተመረቀ በኋላ የአባቱን ሙያ እንዲይዝ ሕግ አጠና፤ በ1907 የጠበቃነት ማዕርግ ቢያገኝም አልሠራበትም። ልቡ አስቀድሞ ወደ ሌላ ሄዶ ነበርና። በ1900 ጀርመንኛ ለመማር ወደ ማርቡርግ ከተማ ሄዶ ሳለ፥ መምህሩ ዊሊያም ቲሊ የድምፅን ጥናት ማለት ፎነቲክስን አሳየው። በ1905 እና በ1906 ደግሞ በፓሪስ ከታወቀው የድምፅ ሊቅ ከፖል ፓሲ ዘንድ ተማረ። በ1911ም ከፓሲ ዘመዶች መካከል ሲሪል ሞት የተባለችውን አገባ።

በ1907 በሎንዶን ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ማስተማር ጀመረ። በ1912 የፎነቲክስ ክፍል ኃላፊ፥ በ1921 ፕሮፌሰር ሆነ፤ በብሪታንያ ዩኒቨርሲቲዎች በዚህ ትምህርት የመጀመሪያው ፕሮፌሰር እርሱ ነው። እስከ 1949 ድረስም በዚያው አገለገለ።

አሁን ወደ ዋናው ሥራው እንለፍ። ተነባቢን ማስረዳት ብዙ አያስቸግርም። መ ስንል ከንፈሮቻችን ይገጥማሉ፤ ተ ስንል ምላሳችን ወደ ጥርሳችን ይጠጋል። አናባቢ ግን አስቸጋሪ ነው፤ ምላስ ምንም ነገር ሳይነካ በአፍ ውስጥ በባዶ ስፍራ ላይ ይንሳፈፋልና። ምልክት በሌለበት ሜዳ ላይ ቦታን እንዴት አድርጎ ማመልከት ይቻላል?

ጆንስ ለዚህ ችግር ያገኘው ዘዴ ገበሬ ማሳውን እንደሚከልልበት ዘዴ ነው። አስቀድሞ ሁለት የወሰን ችካል ተከለ። አንደኛው ምላስ ወደ ፊትና ወደ ላይ ሊደርስ የሚችልበት መጨረሻ ነው፤ ከዚያ ካለፈ ድምፁ አናባቢነቱን ትቶ ፉጨት ይሆናል። ሁለተኛው ምላስ ወደ ታችና ወደ ኋላ ሊሄድ የሚችልበት መጨረሻ ነው። ከዚያም በሁለቱ መካከል ለጆሮ እኩል የሆነ ርቀት ያላቸውን ሌሎች ችካሎች ጨመረና በፊት በኩል አራት፥ በኋላ በኩል አራት፥ በድምሩ ስምንት አደረጋቸው። እነዚህ ካርዲናል አናባቢዎች ይባላሉ። የማንም ቋንቋ ድምፆች አይደሉም፤ ነገር ግን የማንኛውም ቋንቋ ድምፅ ከእነርሱ ምን ያህል እንደሚርቅ በመለካት ቦታው ይታወቃል። ጆንስ በራሱ ድምፅ በ1917 በሸክላ አስቀረጻቸው፤ በ1943 እና በ1956 ደግሞ ደገማቸው። ቀጭን የእርሳስ ሰንሰለት በምላስ ላይ በማስተኛት ቦታውን በራጅ ፎቶግራፍ እስከ ማስነሣት ደርሷል።

እንግዲህ ስለ አንድ አናባቢ የሚጠየቁት ሦስት ነገሮች ናቸው። ምላስ ምን ያህል ከፍ አለ? ከፍ ያለው የምላስ ክፍል የፊቱ ነው ወይስ የኋላው? ከንፈርስ ክብ ሆነ ወይስ ተዘረጋ? አንባቢ በገዛ አፉ ሊሞክረው ይችላል። ሣልሱን ቢ ስንል ምላስ ከፊት ከፍ ይላል፥ ከንፈርም ይዘረጋል። ካዕቡን ቡ ስንል ከኋላ ከፍ ይላል፥ ከንፈርም ይከባል። ራብዑን ባ ስንል ምላስ ይወርዳል። ኃምሱ በፊት በኩል፥ ሳብዑ በኋላ በኩል በመካከለኛ ከፍታ ይገኛሉ። ግዕዙና ሳድሱም በመካከል ናቸው። በዚህ ዓይነት ሰባቱ የፊደላችን አናባቢዎች እያንዳንዳቸው የታወቀ ቦታ አላቸው።

እንግሊዝኛ በአጻጻፍ አምስት የአናባቢ ፊደሎች ብቻ ይኑሩት እንጂ፥ በደቡብ እንግሊዝ የተማሩ ሰዎች አነጋገር ዘንድ አሥራ ሁለት ነጠላና ስምንት ጥንድ አናባቢዎች ይቈጠራሉ። በግ የሚለው ቃል አናባቢ ረጅም ነው፤ ምላስም ወደ ላይና ወደ ፊት ይሄዳል። መርከብ የሚለው ግን አጭር ነው፤ ምላስም ጥቂት ዝቅና ወደ ኋላ ይላል። ጆንስ በ1917 ባሳተመው የእንግሊዝኛ አነባበብ መዝገበ ቃላት ሁለቱን በአንድ ፊደል ጽፎ ረጅሙን በሁለት ነጥብ ለየው። ከእርሱ በኋላ መጽሐፉን ያረመው ጊምሰን በ1977 ለእያንዳንዳቸው የተለየ ፊደል ሰጣቸው።

እኛን ያስገረመን ይህ ነው። በአፍ መፍቻ ቋንቋችን በከምባትኛ አምስቱ አናባቢዎች እያንዳንዳቸው አጭርና ረጅም አላቸው፤ ርዝመቱ ከተለወጠ የቃሉ ትርጉም ሊለወጥ ይችላል። በላቲን ፊደል ስንጽፍም ረጅሙን በሁለት ፊደል እንጽፈዋለን። የጎረቤታችን የሀዲያ ቋንቋም እንዲሁ ነው። ስለዚህ በክፍል የተሳቀበት ጓደኛችን የምሥጢሩን እኩሌታ ከእናቱ ተቀብሎት ነበር። የጎደለው ምላሱን የት እንደሚያኖር የሚነግረው ሰው ነበር።

ጆንስ አንዱን ቋንቋ ታላቅ ሌላውን ታናሽ አላደረገም። የደቡብ አፍሪካ ሰው ሰሎሞን ፕላጄ፥ የአገሩን ሕዝብ መሬት የነጠቀውን የ1913 ሕግ ለመቃወም በ1914 ወደ ሎንዶን መጥቶ ሳለ ከጆንስ ጋር ተገናኘ። ሁለቱም አብረው ተቀምጠው የጽዋና ቋንቋን ድምፆች መረመሩ፤ በ1916 የታተመው የንባብ መጽሐፍም የሁለቱንም ስም ይዞ ወጣ። ከእርሱ ጋር ያስተማረችው ሊሊያስ አርምስትሮንግም በ1934 ስለ ሶማልኛ ድምፆች ጥናት አሳትማለች፤ ሶማልኛ ደግሞ ከከምባትኛ ጋር የአንድ የኩሽ ቤተሰብ ቋንቋ ነው። ጆንስ ራሱም ስለ እንግሊዝኛ ሲጽፍ፥ የሰዎችን አነጋገር እንደ ሰማው መመዝገብ እንጂ አንዱን አነጋገር ለዓለም ሁሉ ሕግ አድርጎ መጫን ሐሳቡ እንዳልሆነ ገልጿል።

ከ1950 ጀምሮ የዓለም አቀፉ የፎነቲክስ ማኅበር ፕሬዚዳንት ሆኖ ቆየና፥ በ1967 በታኅሣሥ ወር በ86 ዓመቱ ዐረፈ። መዝገበ ቃላቱ ከሞተም በኋላ በሌሎች ሊቃውንት እየታረመ ደጋግሞ ታትሟል።

ከዚህ ሊቅ ሕይወት የተማርነው፥ የሰው ምላስ ሲሳሳት መሳቅ ቀላል ሲሆን የተሳሳተበትን ምክንያት መፈለግ ግን የዕድሜ ልክ ሥራ ሊሆን እንደሚችል ነው። መምህራችን የምላስን ሥዕል በሰሌዳ ላይ ሥለው ካስረዱን በኋላ ያ ጓደኛችን እንደገና እጁን አንሥቶ አንብቧል። የመጀመሪያው ሙከራ አልሰመረለትም፤ በሁለተኛው ግን በጉ በግ ሆኖ ገበያ ደረሰ። የዚያን ቀን ከሳቁት መካከል እኛም ስለ ነበርን፥ ይህን ጽሑፍ ለእርሱ እንደ ይቅርታ አድርገን አቅርበናል። ለትምህርት ቤታችንም፥ ለመምህሮቻችንና ለወላጆቻችንም መልካም በዓል እንመኛለን።