ፒየር ፍሉራንስ፦ የአንጎል ጉዳት ጥናት መሥራችና የድምዳሜው ወሰን

ፒየር ፍሉራንስ በ1794 (እ.ኤ.አ.) በደቡብ ፈረንሳይ፣ በቤዚዬ ከተማ አቅራቢያ ተወለደ። በሞንፔልዬ ሕክምና አጥንቶ በ19 ዓመቱ ተመረቀ፤ በ1814 ወደ ፓሪስ ሄደ። በዚያ ዘመን ፍራንዝ ዮሴፍ ጋል እያንዳንዱ የአእምሮ ችሎታ በአንጎል ውስጥ የራሱ ስፍራ እንዳለውና መጠኑም ከራስ ቅል ቅርጽ እንደሚታወቅ ያስተምር ነበር። ፍሉራንስ ግን ከሕያዋን እንስሳት አንጎል የተወሰነ ክፍል እያነሣ የሚጎድለውን ተግባር መመርመር ጀመረ፤ ውጤቱንም በ1824 በመጽሐፍ አሳተመ።

በራስ ቅል የኋላ ግርጌ የሚገኘውን ንዑስ አንጎል ከእርግብ ላይ በስሱ በስሱ ሲያነሣ፣ በመጀመሪያ እንቅስቃሴዋ ተዛባ፤ በመጨረሻም መብረር፣ መራመድና መቆም ተሳናት። ሆኖም ታይና ትሰማ፣ የተሰነዘረባትንም ለመሸሽ ትጥር ነበር። የጠፋው ፈቃድ ሳይሆን የእንቅስቃሴ ቅንጅት ነው። ሁለቱ የዐቢይ አንጎል ንፍቀ ክበቦች ሲነሡ ግን ነገሩ ተገላበጠ፤ እርግቧ ትቆማለች፣ ወደ አየር ስትወረወር ትበራለች፣ ምንቃሯ ውስጥ የገባውን ትውጣለች፤ በራሷ ተነሣሥታ ግን አትበላም፣ የትውስታ ምልክትም አይታይባትም።

ፍሉራንስ ከዚህ አልፎ ሄደ። ዐቢዩን አንጎል ጥቂት በጥቂት ሲቀንስ ችሎታዎች ሁሉ አብረው ሲደክሙ በማየቱ፣ ማስተዋል፣ ትውስታና ፈቃድ በዐቢዩ አንጎል ውስጥ የተለየ ስፍራ የላቸውም ሲል ደመደመ። በ1833 የሳይንስ አካዳሚ ቋሚ ጸሐፊ ሆነ፤ በ1840 ደግሞ ቪክቶር ሁጎን አሸንፎ ለፈረንሳይ አካዳሚ ተመረጠ። ድምዳሜውም ከክብሩ ጋር ጸና።

ይሁን እንጂ ፖል ብሮካ በ1861 ንግግር ያጣ ሕመምተኛ አንጎል መርምሮ ጉዳቱን በግራው የፊት ክፍል አገኘ። ፍሉራንስ በ1867 ከሞተ ከሦስት ዓመት በኋላ፣ ፍሪትሽና ሂትሲግ በውሻ የአንጎል ቅርፊት ላይ የተወሰኑ ነጥቦችን በኤሌክትሪክ ሲነኩ የተቃራኒው ጎን እግር ተንቀሳቀሰ። በ1957 ደግሞ ስኮቪልና ሚልነር፣ በጆሮ ግንድ በኩል ያለው የአንጎል ክፍል ውስጠኛ ገጽ ከሁለቱም ጎን በቀዶ ሕክምና የተወሰደበት ሕመምተኛ አዲስ ነገር ማስታወስ ሲሳነው አስተዋይነቱ እንዳልቀነሰ አሳዩ።

በንዑስ አንጎል ላይ የደረሰበት ግኝት ግን እስከ ዛሬ ጸንቷል። ዘዴው አንድ ሆኖ ውጤቱ የተለያየው በመለኪያው ምክንያት ነው። የእንቅስቃሴ መዛባት በዐይን ይታያል፤ ትውስታን ከማስተዋል ለመለየት ግን የእርግብን መብላትና መብረር መመልከት አይበቃም። በመሆኑም ጉዳት የተለየ ጉድለት ሳያሳይ ሲቀር፣ መለኪያው ጉድለቱን ማሳየት ይችል እንደሆነ አስቀድሞ መጠየቅ ይገባል።