ዦርዥ ሜልዬስ፤ የሲኒማው ምትሐተኛ

ዘንድሮ ትምህርቴን ስጨርስ አባቴ ከሱቁ ገብቼ እንድሠራ ይፈልጋል፤ የእኔ ልብ ግን ያለው ከሥዕል ላይ ነው። ይህን ነገር ሳወጣና ሳወርድ ሳለሁ የአንድ ፈረንሳዊ የሕይወት ታሪክ አገኘሁ። ስለ ጠቀመኝም ለትምህርት ቤት ጓደኞቼና ለወላጆች በአጭሩ ላቀርበው ወደድሁ።

ዦርዥ ሜልዬስ በፈረንጆች አቈጣጠር በ1861 ዓ.ም. በፓሪስ ከተማ ተወለደ። አባቱ የጫማ ፋብሪካ ያለው ባለጸጋ ነበረ። ልጁ ሥዕል ለመማር ቢመኝ አባቱ አልፈቀደለትም፤ ስለዚህ ከፋብሪካው ገብቶ መኪና ማደስ ተማረ። በ1888 አባቱ ሥራውን ሲተው ሜልዬስ ድርሻውን ለወንድሞቹ ሸጦ፥ ሮቤር ኡዳን የተባለውን የምትሐት ቲያትር ገዛ።

በ1895 የሉሚዬር ወንድማማቾች ተንቀሳቃሽ ሥዕል ለሕዝብ ሲያሳዩ ሜልዬስ ከተመልካቾቹ አንዱ ነበረ። መሣሪያውን ልግዛ ብሎ ቢለምን አባታቸው እምቢ አለው። እርሱ ግን ተስፋ ሳይቈርጥ ከሎንዶን የፊልም ማሳያ ገዝቶ አመጣና፥ ፈታትቶ ፊልም ማንሻ አደረገው። ለዚህ ያበቃው ሳይወድ በአባቱ ፋብሪካ የተማረው የእጅ ሥራ ነው።

በ1897 በፓሪስ አጠገብ በሞንትረይ ጣራውና ግድግዳው መስተዋት የሆነ ስቱዲዮ ሠራ። በዚያ ዘመን ሌሎቹ የሚያነሡት ባቡር ሲመጣ ወይም ሠራተኛ ከፋብሪካ ሲወጣ ነበረ። ሜልዬስ ግን በዓይን ያልታየውን ለማሳየት ይሞክር ጀመር። መሣሪያውን አቁሞ፥ ሰውየውን ከመድረክ አስወጥቶ እንደ ገና ቢያንቀሳቅሰው፥ ሰውየው በቅጽበት የተሰወረ ይመስላል። በ1900 ደግሞ በአንዱ ፊልም ላይ ደጋግሞ በማንሣት ራሱን ሰባት ሙዚቀኛ አድርጎ አሳየ። ገንዘቡን የሚያወጣ፥ ድርሰቱን የሚደርስ፥ መጋረጃውን የሚሥልና የሚጫወትም እርሱ ራሱ ነበረ። በዚህ ዓይነት ከ500 በላይ ፊልሞች ሠራ።

ከሁሉ የታወቀው በ1902 የወጣው «ወደ ጨረቃ ጉዞ» ነው። በዚህ ፊልም ሊቃውንት በመድፍ ተተኵሰው ጨረቃ ላይ ያርፋሉ። ፊልሙ በብዙ አገር ተወደደ። ነገር ግን በአሜሪካ የኤዲሰንና የሌሎችም ኩባንያዎች ያለ ፈቃድ እያባዙ ሲነግዱበት፥ ባለቤቱ የድካሙን ዋጋ አላገኘም።

ከዚያ ወዲህ ሲኒማ የትልልቅ ኩባንያዎች ንግድ ሆነ። የተመልካቹ ፍላጎት ሲለወጥ ሜልዬስ አልተለወጠም። በ1911 ስቱዲዮውን መያዣ አድርጎ ከፓቴ ኩባንያ ገንዘብ ወሰደ፤ ፊልሞቹ ግን ስላልተወደዱ ሥራው ቆመ። በ1923 ቲያትሩ ለመንገድ ሥራ ፈረሰ፤ ስቱዲዮውም ከእጁ ወጣ። በዚያው ዓመት ከኀዘኑ ብዛት የፊልሞቹን ኔጋቲቭ አቃጠለ። አስቀድሞም በጦርነቱ ጊዜ ብዙዎቹ ፊልሞቹ ቀልጠው ለወታደር ጫማ ተረከዝ መሥሪያ እንደ ዋሉ ይነገራል። ከጫማ የሸሸው ሰው ሥራው ተመልሶ ጫማ ሆነ!

ከ1925 በኋላ ከሁለተኛ ሚስቱ ከዣን ዳልሲ ጋር በሞንፓርናስ ባቡር ጣቢያ የልጆች መጫወቻ እየሸጠ ይኖር ነበር። ኋላ ጋዜጠኞች አገኙትና፥ በ1929 የተረፉት ፊልሞቹ በፓሪስ በክብር ታዩ። በ1931 የሌዢዮን ዶኔር ኒሻን ሲሸለም፥ ኒሻኑን የሰጠው ያ እምቢ ያለው ሰው ልጅ ሉዊ ሉሚዬር ነበረ። በ1938 ዐረፈ። ዛሬ 200 ያህል ፊልሞቹ ተገኝተው ይታያሉ።

ይህን ታሪክ አንድ ማታ ለአባቴ አነበብሁለት። እስኪያልቅ ዝም ብሎ ሰማኝና፥ የዚህን ሰው ሒሳብ የሚይዝለት ማን ነበረ ብሎ ጠየቀኝ። መልስ አጣሁ። ስለዚህ በዚህ ክረምት ከሱቁ ገብቼ ሒሳብ አያያዝ ልማር ነው፤ አባቴም ማታ ማታ እንድሥል ፈቅዶልኛል። ጓደኞቼ ሆይ፥ ምኞታችንን አንተው፤ ነገር ግን ከወላጆቻችን የምናገኘውን ሙያ አንናቅ፤ ሜልዬስን ለፊልም ያበቃው እርሱ ነውና።