ሁሉን በአንድ ማልያ ያሰለፉት ይድነቃቸው ተሰማ

ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ዕለቱ እሑድ ነው። ጥምቀት ካለፈ ሁለት ቀን ሆኖታል፤ የቃና ዘገሊላ በዓልም ገና ትናንት ነው የተከበረው። አዲስ አበባ የበዓል ልብሷን ሳታወልቅ ወደ ስታዲየም ጎርፋለች። የአፍሪካ ዋንጫ የፍፃሜ ጨዋታ በኢትዮጵያ ምድር የሚካሄድበት ቀን ነው። ተጋጣሚዋ በዚያ ዘመን የተባበረች ዓረብ ሪፐብሊክ በሚል ስም የምትጠራው ግብፅ ናት፤ ያለፉትን ሁለት ዋንጫዎች ያነሳችው፣ ኢትዮጵያንም ሁለት ጊዜ አራት ለባዶ የረታችው ግብፅ።

የኢትዮጵያን ቡድን በአሰልጣኝነት የሚመሩት የ40 ዓመት ጎልማሳ ናቸው። በወጣትነታቸው ግብ አግቢ ነበሩ፤ ጫማቸውን ከሰቀሉ ገና ጥቂት ዓመታቸው ነው። ስማቸው ይድነቃቸው ተሰማ ይባላል።

የቅኔ አገር ለሆነው ለጎጃም ሰው ከልጁ ስም ይልቅ የአባትየው ስም ቀድሞ ጆሮ የገባ ሳይሆን አይቀርም። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ የምንጃር ተወላጅ፣ በግጥማቸውና በዜማቸው የተደነቁ፣ በአፄ ምኒልክ ዘመን ወደ ጀርመን ተልከው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረፁ ሰው ነበሩ። ልጅ ኢያሱ ከሥልጣን ሲወርዱ የነጋድራስ ተሰማም ዕጣ አብሮ ተገለበጠ፤ ከመሐል አገር ርቀው ጅማ ተቀመጡ። ይድነቃቸው የተወለዱት በዚያው በጅማ፣ መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም. በዕንቁጣጣሽ ዕለት ነው። ሰም ለበስ ቃል የሚያውቅ አባት ለልጁ ይድነቃቸው የሚል ስም ማውጣቱ ዛሬ ላይ ሆኖ ለሚያስበው ፈገግ ያሰኛል።

ልጁ አድገው አዲስ አበባ በተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ተማሩ። ኳስ በከተማዋ ውስጥ ገና እንግዳ ጨዋታ ነበር። በብዛት የሚጫወቱት አርመኖች፣ ግሪኮች፣ ጣሊያኖችና ሌሎች የውጭ ዜጎች ነበሩ፤ እያንዳንዱ ማኅበረሰብ የራሱን ቡድን አቋቁሞ በራሱ ስም ይሰለፋል። በ1928 ዓ.ም. በአራዳ ጊዮርጊስ አካባቢ የሐበሻ ልጆች ቡድን ተመሠረተ፤ ስሙም ቅዱስ ጊዮርጊስ ተባለ። አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ የሚባሉ ወጣቶች ናቸው የመሠረቱት። ይድነቃቸው ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳሉ ከዚህ ቡድን ጋር ተቆራኙ፤ ተጫዋችነታቸውም እስከ 23 ዓመት ዘለቀ።

ቡድኑ በተመሠረተ በወራት ውስጥ አገሪቱ በጣሊያን ወረራ ሥር ወደቀች። ወራሪው ቅዱስ ጊዮርጊስ የሚለውን ስም ሽሮ ቡድኑን ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ብሎ ሰየመው። የፋሺስት አስተዳደር ሰውን በቆዳ ቀለሙ የሚለይ ሕግ አውጥቶ ነበርና መኖሪያው፣ መዝናኛውም ሆነ ኳሱ የነጭና የጥቁር እየተባለ ተከፋፈለ። በገዛ አገሩ ላይ ከሌላው እኩል መሰለፍ የተከለከለ ወጣት ያን ጊዜ የተሰማውን በቀላሉ አይረሳም። የይድነቃቸው ተሰማ የኋላ ሕይወት በሙሉ ከዚህ ዘመን ተለይቶ አይታይም፤ በአሰልጣኝነታቸውም ሆነ በአመራራቸው ሲመለስ የምናየው ጥያቄ ይኸው ነው፦ ከማን ጋር፣ በማን ማልያ መጫወት ይፈቀዳል?

ከነፃነት በኋላ ቡድኑ የቀድሞ ስሙን አስመለሰ። በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያው የሊግ ውድድር ሲካሄድ አምስት ቡድኖች ተሰለፉ፦ የኢትዮጵያውያኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶና የእንግሊዝ ጦር ልዑክ ቡድን። ዋንጫውን እንግሊዞቹ ወሰዱ። ቅዱስ ጊዮርጊስ የሊጉ ባለድል ለመሆን እስከ 1942 ዓ.ም. መጠበቅ ነበረበት።

በእነዚያ ዓመታት ይድነቃቸው የፊት መስመር ተሰላፊ ነበሩ። ለቅዱስ ጊዮርጊስ 365 ጨዋታዎችን አድርገው 318 ግቦችን እንዳስቆጠሩ፣ ለብሔራዊ ቡድንም 15 ጊዜ እንደተሰለፉ በስማቸው ተመዝግቧል። ቁጥሩ ብቻውን ግን ሰውዬውን አይገልጽም። በአንድ ወገን ማልያ ለብሰው ይጫወታሉ፤ በሌላ ወገን የአገሪቱን የስፖርት ጽሕፈት ቤትና ፌዴሬሽን ከሚያደራጁት ቀዳሚዎች አንዱ ናቸው። ኳስ ተጫዋች ሥራ ፈት ተደርጎ በሚታይበት ዘመን ጨዋታን ደንብ፣ መዝገብና ማኅተም ያለው ሥራ ለማድረግ ይደክሙ ነበር። ሜዳ ላይ ላብ ያፈሰሰ ሰው ወንበር ላይ ሲቀመጥ የሚወስነው ውሳኔ፣ ሜዳውን ከሩቅ ብቻ ከሚያውቀው ሰው ውሳኔ ይለያል።

በ1949 ዓ.ም. የካቲት ወር የግብፅ፣ የሱዳን፣ የኢትዮጵያና የደቡብ አፍሪካ ተወካዮች ካርቱም ላይ ተሰብስበው የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን መሠረቱ። ይድነቃቸው በዚያ ጉባኤ ኢትዮጵያን ከወከሉት አንዱ ነበሩ። ወዲያውም የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ በዚያችው ከተማ ሊጀመር ተዘጋጀ። ደቡብ አፍሪካ ግን ወይ ነጮችን ብቻ፣ ወይ ጥቁሮችን ብቻ ካልሆነ በቀር የተቀላቀለ ቡድን አላሰልፍም አለች። የቀሩት ሦስቱ አገሮች ይህን አልተቀበሉም፤ ደቡብ አፍሪካ ከውድድሩ ተሰናበተች። በጣሊያን ዘመን የቀለም መለያየትን በገዛ አገራቸው ያዩት ይድነቃቸው በዚህ ጉዳይ ላይ ያን ጊዜም ሆነ ከዚያ በኋላ አንድም ቀን አልተለሳለሱም።

ውሳኔው ለኢትዮጵያ በሜዳ ላይ ያተረፈላት ነገር ግን አልነበረም። ከደቡብ አፍሪካ ጋር ተመድባ ስለነበር ሳትጫወት ለፍፃሜ አለፈች፤ በፍፃሜውም በግብፅ አራት ለባዶ ተረታች። አራቱንም ግቦች ያስቆጠረው ኤል ዲባ የተባለ አንድ ተጫዋች ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ ካይሮ ላይ ሁለቱ ተገናኙ፤ ውጤቱም እንደገና አራት ለባዶ ሆነ።

ይድነቃቸው ብሔራዊ ቡድኑን ለ1954ቱ ዋንጫ ሲመሩ ይህ የስምንት ግብ ዕዳ በትከሻቸው ላይ ነበር። ያሰለፉትን ቡድን ስም ዝርዝር ማየት ብቻ ብዙ ይናገራል። አምበሉ ሉቻኖ ቫሳሎ አስመራ የተወለደ፣ አባቱ ጣሊያናዊ ወታደር፣ እናቱ ኤርትራዊት ናት። ወንድሙ ኢታሎም አብሮት ተሰልፏል። ከጎንደር አዘዞ የመጣው ወጣቱ መንግሥቱ ወርቁ አለ። ግርማ ተክሌ፣ ጌታቸው ወልዴና አዋድ መሐመድም አሉ። ከወረራው ማብቂያ 20 ዓመት ብቻ ባለፈበት ጊዜ የጣሊያን ወታደር ልጅ የኢትዮጵያን ማልያ ለብሶ የኢትዮጵያ ቡድን አምበል ሆኖ መቆሙ ዛሬ እንደሚመስለው ቀላል ነገር አልነበረም። ወረራውን በዓይናቸው ያዩት አሰልጣኝ ግን የተጫዋቹን እግርና ልብ እንጂ የአባቱን አገር አልመዘኑም።

ውድድሩ የአራት አገሮች ነበር። ጥር 6 ቀን ኢትዮጵያ ቱኒዚያን ከመመራት ተነስታ አራት ለሁለት አሸነፈች። ግብፅም ዩጋንዳን ሁለት ለአንድ ረትታ መጣች።

የፍፃሜው ጨዋታ ሲጀመር ግብፆች እንደለመዱት ቀደሙ። በ35ኛው ደቂቃ ባዳዊ አስቆጠረ። ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ለተመልካቹ ረጅም ሆነ፤ ዕረፍቱ አልፎ ሁለተኛው አጋማሽ እየተገባደደ ሄደ። በ74ኛው ደቂቃ ግርማ ተክሌ አቻ አደረገ። የስታዲየሙ ጩኸት ሳይበርድ ግን በ75ኛው ደቂቃ ያው ባዳዊ እንደገና ግብፅን መሪ አደረገ። ደስታው ገና ከአፉ ሳይወጣ የሚነጠቅበት ቡድን ብዙውን ጊዜ ከዚያ በኋላ አይነሳም። የኢትዮጵያ ቡድን ተነሳ። በ84ኛው ደቂቃ አምበሉ ሉቻኖ ቫሳሎ አስቆጠረና ጨዋታው ሁለት ለሁለት ሆኖ ወደ ተጨማሪ ሰዓት ሄደ።

እዚህ ላይ የደጋ አየር የራሱን ድርሻ ተወጥቷል። አዲስ አበባም እንደ ደብረ ማርቆስ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2 ሺህ 300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ያለች ከተማ ናት። የጮቄን ዳገት የሚወጣ የጎጃም ገበሬ ከቆላ የመጣ እንግዳ መንገድ ላይ ቆሞ ሲያለከልክ ማየት ብርቁ አይደለም። ከናይል ዳር ሜዳ የመጡት ተጫዋቾች ከ90 ደቂቃ በኋላ ተጨማሪ 30 ደቂቃ መሮጥ ነበረባቸው። ሆኖም ድሉን ለአየሩ ብቻ መስጠት ሚዛን ማጉደል ነው። ሁለት ጊዜ ተመርቶ ሁለት ጊዜ አቻ የሆነ ቡድን ከሳንባው በፊት ልቡ ጠንክሮ መገኘት አለበት፤ ይህን ያዘጋጀው ደግሞ የአሰልጣኙ ሥራ ነው።

በ101ኛው ደቂቃ ኢታሎ ቫሳሎ ኢትዮጵያን ለመጀመሪያ ጊዜ መሪ አደረጋት። ሦስት ደቂቃ ሲቀር የአዘዞው መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን አከለ። አራት ለሁለት። ዋንጫውን ከአፄ ኃይለ ሥላሴ እጅ የተቀበለው አምበሉ ሉቻኖ ቫሳሎ ነበር። ኢትዮጵያ ከዚያ ወዲህ የአፍሪካን ዋንጫ አላነሳችም።

በቀጣዩ ውድድር ጋና ላይ ዋንጫው ከእጅ ወጣ። የይድነቃቸው ጉልበትም ቀስ በቀስ ከሜዳው ጠርዝ ወደ ስብሰባ አዳራሽ ዞረ። ለ1966ቱ የእንግሊዝ ዓለም ዋንጫ ፊፋ ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺኒያ በጋራ አንዲት ቦታ ብቻ መደበ። አውሮፓ አሥር ቦታ ሲያገኝ አንድ ሙሉ አህጉር የራሱ የሆነ አንድ ቦታ እንኳ አልነበረውም። ይድነቃቸው ከጋናው ኦሄኔ ጃን ጋር ሆነው የአፍሪካ አገሮች ከማጣሪያው እንዲወጡ አስተባበሩ፤ 15 አገሮችም ወጡ። ለተጫዋቾቹ መራራ ውሳኔ ነበር፤ በዓለም መድረክ ሊታዩ የሚችሉ ብዙ ወጣቶች ዕድላቸው አመለጣቸው። ግን በ1970ው ዓለም ዋንጫ አፍሪካ የራሷን አንድ ቦታ አገኘች፤ በ1982 ደግሞ ሁለት። አልጄሪያ ምዕራብ ጀርመንን ሁለት ለአንድ ያሸነፈችው ከእነዚህ ሁለት ቦታዎች በአንዷ ገብታ ነው።

በ1964 ዓ.ም. የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ። በአገራቸው ዘውድ ወርዶ ወታደራዊ መንግሥት ሲተካ እሳቸው በአህጉሩ ወንበር ላይ እስከ ዕለተ ሞታቸው ለ15 ዓመታት ቆዩ። የዓለም አቀፍ ኦሎምፒክ ኮሚቴ አባልም ነበሩ። በካርቱም የጀመሩትን የደቡብ አፍሪካ ጉዳይም አልጣሉትም። ፊፋ አገሪቱን በ1961 እ.ኤ.አ. አግዶ፣ ከሁለት ዓመት በኋላ እገዳውን አንስቶ፣ በ1964 እንደገና አግዶ ነበር፤ በ1976 ሙሉ በሙሉ እስክትባረር ድረስ አፍሪካውያኑ በየጉባኤው ጉዳዩን እያነሱ ቆዩ። ከፊት ከቆሙት አንዱ ይድነቃቸው ነበሩ።

ሁሉም ሐሳባቸው ግን በሁሉም ዘንድ ተቀባይነት አላገኘም። የአፍሪካ ምርጥ ተጫዋቾች ወደ አውሮፓ እየሄዱ የአህጉሩ ሊግ እንዲራቆት አይፈልጉም ነበር። የአልኮልና የትምባሆ ማስታወቂያ በአፍሪካ ውድድሮች ላይ እንዳይለጠፍም ተከራክረዋል። ሁለተኛውን ብዙ ወላጅ ይደግፈዋል። የመጀመሪያው ግን ከባድ ነው፤ በኳስ ቤተሰቡን ከድህነት ሊያወጣ ለሚችል ልጅ አትሂድ ማለት ቀላል አይደለም፤ የተጫዋቾቹም ፍልሰት ከሳቸው በኋላ እየበዛ እንጂ እየቀነሰ አልመጣም። የሳቸው ፍርሃት ግን መሠረት እንዳልነበረው መናገር አይቻልም፤ ዛሬ በብዙ የአፍሪካ ከተሞች ሰው የአገሩን ሊግ ትቶ የእንግሊዝን ጨዋታ ለማየት በቴሌቪዥን ፊት ይሰበሰባል።

ይድነቃቸው ተሰማ በካንሰር ሕመም ሲሠቃዩ ቆይተው ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. በቡሄ ዕለት አረፉ። 66ኛ ዓመታቸውን ሊይዙ አንድ ወር እንኳ አልቀራቸውም ነበር። በዕንቁጣጣሽ ተወልደው በቡሄ ያለፉት ሰው የደቡብ አፍሪካ የዘር አገዛዝ ሲወድቅ አላዩም።

በጥር 1988 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫ በደቡብ አፍሪካ ተካሄደ። አስተናጋጇ በፍፃሜው ቱኒዚያን ሁለት ለባዶ አሸነፈች። ኔልሰን ማንዴላ ቆመው ባዩበት ሜዳ ጥቁርና ነጭ ተጫዋቾች አንድ ማልያ ለብሰው ተሰልፈው ነበር፤ ዋንጫውንም ከፍ አድርጎ ያነሳው አምበላቸው ኒል ቶቪ የሚባል ነጭ ተጫዋች ነበር።