ይልማዝ ጉኔይ፦ ከእስር ቤት ሆኖ ፊልም የሠራው ቱርካዊ

እአአ በ1982 የካን ፊልም ፌስቲቫልን ከፍተኛ ሽልማት 'ፓልም ዶር'ን ሁለት ፊልሞች ተጋሩ። አንደኛው 'ዮል' የተሰኘው የቱርክ ፊልም ነበር። ደራሲው ይልማዝ ጉኔይ ሽልማቱን ሲቀበል ከአገሩ እስር ቤት ካመለጠ ገና ዓመት አልሞላውም ነበር።

ጉኔይ እአአ በ1937 በደቡባዊ ቱርክ፣ በአዳና አቅራቢያ በምትገኝ መንደር ከድሃ የኩርድ ቤተሰብ ተወለደ። በልጅነቱ በጥጥ እርሻ ላይ ሠርቷል። በ1950ዎቹ መጨረሻ በአዘጋጁ አቲፍ ይልማዝ ሥር ሆኖ የፊልም ድርሰት መጻፍና መተወን ጀመረ። ብዙም ሳይቆይ ኮሚኒዝምን ይሰብካል በተባለ ጽሑፉ አንድ ዓመት ተኩል ታሰረ።

ከእስር ከወጣ በኋላ በትወናው ዝናው ናኘ። መልከ መልካም ተዋንያን በነገሡበት የቱርክ ሲኒማ፣ የተራ ሠራተኛ ገጽታ ያለውን ጉኔይን ተመልካቹ 'አስቀያሚው ንጉሥ' ሲል ሰየመው። በ1968 'ጉኔይ ፊልም' የተባለ የራሱን ኩባንያ አቋቋመ። ከሁለት ዓመት በኋላ 'ኡሙት' ማለትም 'ተስፋ' በተሰኘው ፊልሙ ፈረሱ የሞተበትን የአዳና ጋሪ ነጂ ታሪክ አቀረበ። ሳንሱር ፊልሙን አገደው።

በ1972 የግራ ክንፍ ተማሪዎችን ሸሽገሃል ተብሎ ዳግም ታሰረ፤ በ1974 በምሕረት ተፈታ። ነጻነቱ ግን ወራትን አልተሻገረም። በዚያው ዓመት በአንድ ምግብ ቤት በተነሳ ጠብ አንድ ዳኛ በጥይት ተገደለ፤ ፍርድ ቤትም ጉኔይን ጥፋተኛ ብሎ 19 ዓመት ፈረደበት። ይህ እንደቀደሙት ክሶች በጽሑፍ ወይም በፖለቲካ የመጣ አልነበረም፤ የሰው ሕይወት ጠፍቶበታል። ዝናው በተወሳ ቁጥር ይህም አብሮ ይነሳል።

እስሩ ግን ብዕሩን አላስጣለውም። በክፍሉ ሆኖ እያንዳንዱን ትዕይንት በዝርዝር እየጻፈ ወደ ውጭ ይልክ፣ ባልደረቦቹም ይቀርጹ ነበር። በ1978 ዜኪ ኦክተን 'ሱሩ' ወይም 'መንጋ' የተሰኘውን ፊልም ከድርሰቱ ሠራ። 'ዮል'ን፣ በአማርኛ 'መንገድ'ን፣ ያዘጋጀው ደግሞ ሸሪፍ ጎረን ነው። ፊልሙ ለጥቂት ቀናት ፈቃድ ተሰጥቷቸው ወደ ቤታቸው የሚጓዙ አምስት እስረኞችን ይከተላል፤ እነርሱም ከእስር ቤቱ ቅጥር ውጭ ሌላ እስር ይጠብቃቸዋል።

ደራሲውም በ1981 እንደ ገጸ ባሕርያቱ ፈቃድ አግኝቶ ወጣ፤ ግን አልተመለሰም። የፊልሙን ቅንብር ያጠናቀቀው በስደት ሆኖ ነው። በ1983 ወታደራዊው አገዛዝ ዜግነቱን ገፈፈው። በዚያው ዓመት በፈረንሳይ የሠራው 'ዱቫር'፣ 'ግድግዳ'፣ በእስር ስላሉ ሕጻናት የሚተርክ ሲሆን የመጨረሻ ፊልሙ ሆነ።

ጉኔይ እአአ ሴፕቴምበር 9/1984 በጨጓራ ካንሰር በፓሪስ አረፈ፤ ዕድሜው 47 ነበር። የተቀበረውም እዚያው በፔር ላሼዝ መካነ መቃብር ነው። ዓለም የሸለመው 'ዮል' በቱርክ ሲኒማ ቤቶች ለመታየት ግን እስከ 1999 መጠበቅ ነበረበት።