የገዝናን ቂብላ ያሰሉት ዓሊም

በተከበረው የረመዳን ወር፣ ለተራዊህ ሰፋችንን ስናስተካክል ቂብላው በምን ተለክቶ እንደታወቀ የምንጠይቅ ጥቂቶች ነን። ለአዲስ አበባ ሰው ነገሩ ቀላል ነው፤ መካ ከእኛ በስተሰሜን፣ ትንሽ ወደ ምሥራቅ ዘንበል ብላ ትገኛለች። ከገዝና ለሚሰግድ ሰው ግን እንዲህ አልነበረም። ይህን ጥያቄ ይዘው ዓመታት የደከሙት አቡ ረይሃን አል-ቢሩኒ ናቸው።

የተወለዱት እ.ኤ.አ. በ973 በኸዋሪዝም፣ በዛሬዋ ኡዝቤኪስታን፣ ካት በምትባል ከተማ ነው። ገና በሃያዎቹ ዕድሜ ሳሉ፣ በ997፣ በባግዳድ ከነበሩት ከአቡል ወፋ ጋር ተስማምተው አንዱን የጨረቃ ግርዶሽ ሁለቱም በየከተማቸው ተመለከቱ። ግርዶሹ የታየበት የሰዓት ልዩነት በሁለቱ ከተሞች መካከል ያለውን የኬንትሮስ ልዩነት ሰጣቸው። ኬክሮስን ከፀሐይ ከፍታ ማግኘት ይቻላል፤ ያስቸግር የነበረው ኬንትሮስ ነው። ዛሬ ቂብላን የሚያሳየን የስልክ መተግበሪያም ስሌቱን የሚጀምረው ከእነዚሁ ሁለት ቁጥሮች ነው።

በ1017 ሱልጣን ማህሙድ ኸዋሪዝምን ሲይዝ አል-ቢሩኒን ወደ ገዝና ወሰዳቸው። በፈቃዳቸው የሄዱ አይመስለንም። በማግስቱ ዓመት በካቡል አቅራቢያ ባለች መንደር መሣሪያ አጥተው፣ በማስሊያ ሰሌዳቸው ጀርባ ላይ የዲግሪ ቅስት ሥለው የፀሐይን ከፍታ ለኩ። እኛን ከሁሉ ይልቅ የሚገርመን ይህ ነው፤ ሰው አገሩን ተነጥቆ፣ እጁ ባዶ ሆኖም መለካቱን አልተወም።

በዛሬዋ ፓኪስታን ናንዳና በተባለው ምሽግ አጠገብ ደግሞ ሰፊ ሜዳ ቁልቁል የሚያይ ተራራ አገኙ። መጀመሪያ ቁመቱን ከሜዳው ላይ ለኩ፤ 652 ክንድ ያህል ሆነ። ከዚያ ጫፉ ላይ ወጥተው አድማሱ ከአግድም መስመር ምን ያህል ዝቅ እንደሚል አዩ፤ 34 ደቂቃ፣ ማለትም ከግማሽ ዲግሪ ጥቂት የሚበልጥ ነበር። ከእነዚህ ሁለት ልኬቶች ከምድር እምብርት እስከ ገጿ ያለውን ርቀት አሰሉ። ውጤቱ ከዛሬው ጋር በጥቂት ኪሎ ሜትር ብቻ ይለያያል ብለው የሚጽፉ አሉ። እኛ ያን ያህል አንደፍርም፤ የዘመኑ ክንድ ርዝመት ያከራክራል፣ አየርም ብርሃንን ያጎብጣል። ዘዴው ግን ትክክል ነው፤ ለዚያውም አንድ ተራራና አንድ ሰው ብቻ ይበቁታል።

የከተሞችን መገኛ የሚወስነውን መጽሐፋቸውን በ1025 ጨረሱ። በውስጡ የገዝናን ቂብላ በአንድ መንገድ ብቻ ሳይወሰኑ፣ በሌላም መንገድ እያሰሉ አስተያዩት። በ1048 አካባቢ በዚያችው በገዝና አረፉ።